በመዝገቡ ራስ ላይ ያለው ቁጥር

እ.ኤ.አ. ማርች 3 ቀን 2009፣ ማክሰኞ፣ ዕድሜዬ ሰባ አንድ ዓመት ነበር። ዕለቱን የማስታውሰው ብርዱ ከዜሮ በታች ሃያ ሰባት ስለደረሰ አይደለም፤ በከተማችን በኦስትሊ እንዲህ ያለ ማርች ብርቅ አይደለም። የማስታውሰው ዶሪን ፓንቹክ የሃያ ስድስት ዓመት ሥራዋን በካርቶን ስትከት ስላየኋት ነው።

ዶሪን የከተማችን ጽሕፈት ቤት ጸሐፊ ነበረች። አራት መቶ ሰው ለማይሞላት ከተማ ደብዳቤ የምትቀበለው፣ መልስ የምትጽፈው፣ የምክር ቤቱን ቃለ ጉባኤ የምትይዘውና የውሻ ፈቃድ የምትሰጠው እርሷ ነበረች። ያን ቀን ስገባ የወረቀት መብሻዋን በጋዜጣ ትጠቀልል ነበር።

«ምን እያደረግሽ ነው?» አልኳት።

«ለአይጥ ቤት እየሠራሁ። ምን ይመስልሃል?» አለች ቀና ሳትል። «ስለ መባረሬ ድምፅ የሚሰጡት የዛሬ ሳምንት ነው። እኔ ደግሞ ሰው ቆሞ እያየኝ ዕቃ መልቀም አልወድም።»

ነገሩ እንዲህ ነው። የአውራጃው ጤና ቢሮ በፌብሩዋሪ ወር ለከተማችን ሦስት ጊዜ በኢሜይል ጽፏል። አምቡላንሳችን እኛው ዘንድ እንዲቆይ ከተፈለገ ሥልጠና ለመውሰድ የፈቀዱ ስድስት አሽከርካሪዎች ስም እስከ ፌብሩዋሪ 27 ይላክልን ይላል። ስድስት ሰው ማግኘት ለእኛ የግማሽ ቀን ሥራ ነበር፤ በረዶ ላይ ድንጋይ ከምንገፋበት የክረምት ጨዋታ ቡድን ብቻ አሥር ይወጣል። ነገር ግን መልስ የሰጠ የለም። ሰኞ ዕለት ጠዋት ቢሮው ለከንቲባው ለሎርን ዊቢ ስልክ ደውሎ አምቡላንሱ ስድሳ ኪሎ ሜትር ርቃ ለምትገኝ ከተማ መሰጠቱን ነገረው።

ዶሪን ደብዳቤዎቹ አልደረሱኝም አለች፤ በዚያ ሰሞን ኢሜይል ጭር ማለቱንም የክረምት ልማድ ነው ብላ ትታው ነበር። ማን ይመናት? ቢሮው ልኬአለሁ ይላል፤ ከተላኩትም ተመልሶ የመጣ የለም። በዚያው ሰኞ በዘጠኝ ሰዓት ምክር ቤቱ ባስቸኳይ ተሰብስቦ የከተማዋን የኢንተርኔት ገጽ የሚያስተዳድረውን ብሬንት ኪልጎርን ጠራ። ብሬንት የሎርን የእህት ልጅ ነው፤ በአጎራባች ከተማ ከመድኃኒት ቤቱ በላይ ቢሮ አለው። በሁሉም ፊት ከራሱ ኮምፒውተር ለዶሪን ደብዳቤ ላከ፤ ደብዳቤውም በደቂቃ ውስጥ ደረሰ። ከዚያ ትከሻውን ነቀነቀና፣ እኔ በአካል ባልሰማውም ሦስት ሰዎች ቃል በቃል እንደነገሩኝ፣ «መሣሪያው ጤነኛ ነው። በዚህ ዕድሜ ያሉ ሰዎች አንዳንዴ ሳያነቡ ያጠፋሉ» አለ። ዶሪን ያን ጊዜ ሃምሳ ስምንት ዓመቷ ነበር።

እኔም ካርቶኑ አጠገብ ቆሜ፣ ለመርዳት የመጣሁ መስሎኝ፣ «ምናልባት ሳታውቂ አጥፍተሻቸው ይሆን እንዴ?» አልኳት።

የያዘችውን አስቀመጠች።

«አንተም?» አለችኝ።

ወደ ቤቴ ስመለስ እግሬ በበረዶው ላይ ሲንኮሻኮሽ ይሰማኝ ነበር። ተናድጄ ነበር፤ መጀመሪያ የተናደድኩት ግን በራሴ ላይ ነው። ይህች ሴት ባለቤቴ የሞተች ሰሞን የቀብሩን ወረቀት ሁሉ ሳልጠይቃት የጨረሰችልኝ ናት። በሃያ ስድስት ዓመት ውስጥ አንድ ወረቀት ጠፋባት ሲባል ሰምቼ አላውቅም። ሆኖም አንድ ጎልማሳ በልበ ሙሉነት ሲናገር ስለ ሰማን፣ እርሷን ከማመን እርሱን ማመን ለሁላችንም ቀለለን።

እኔ ነገሩን እንዴት ልመረምረው ቻልኩ የሚል አንባቢ ቢኖር፣ ትምህርቴ ስድስተኛ ክፍል ላይ የቆመ ነው። ሠላሳ አራት ዓመት የባቡር ሐዲዱ ዳር ያለውን የእህል ጎተራ ስጠብቅ ኖሬ፣ ጎተራው በስድሳ ዓመቴ ሲዘጋ እጄ ሥራ ፈታ። የከተማችን ቤተ መጻሕፍት ሊጥለው የነበረ አሮጌ ኮምፒውተርና ስለ ኮምፒውተር የሚያስተምር አንድ ወፍራም መጽሐፍ ሰጠኝ። መዝገበ ቃላት አጠገቤ አድርጌ መጽሐፉን ለመጨረስ ሦስት ክረምት ፈጀብኝ። የገባኝ ጥቂት ነው፤ የገባኝ ግን በደንብ ገብቶኛል።

ከገባኝ ነገር አንዱ ይህ ነው። ኮምፒውተሮች እርስ በርሳቸው የሚፈላለጉት በቁጥር ነው፤ ሰው ግን ቁጥር ስለማይዝ ስም ይሰጣቸዋል። እያንዳንዱ ስም የራሱ መዝገብ አለው። በመዝገቡ ውስጥ አንዱ መስመር «ገጹ ያለው እዚህ ነው» ይላል፤ ሌላው መስመር «በዚህ ስም የሚላክ ደብዳቤ ወደዚያ ይሂድ» ይላል። ሁለቱ መስመሮች የተለያዩ ናቸው። ገጹ አምሮ እየታየ ደብዳቤው ሌላ ቦታ ሊፈስ ይችላል። መዝገቡም ምስጢር አይደለም፤ የሚጠይቅበትን መንገድ ለሚያውቅ ማንም ሰው መልስ ይሰጣል።

መዝገቡን ሁለት ጠባቂ ኮምፒውተሮች ይይዙታል። ባለሙያው የሚጽፈው በአንደኛው ላይ ነው፤ ሁለተኛው ከአንደኛው ይገለብጣል። ሁለተኛው ግን መዝገቡን በሙሉ አያነብም። በየጊዜው ብቅ ብሎ በመዝገቡ ራስ ላይ ያለውን ቁጥር ብቻ ያያል። ቁጥሩ ከያዘው ከበለጠ አዲሱን ይገለብጣል፤ ያው ከሆነ ምንም አልተለወጠም ብሎ ይመለሳል። ስለዚህ አንዲት ፊደል የለወጠ ሰው ቁጥሩን ከፍ ማድረግ አለበት። የሙያው ሰዎች ደግሞ ቁጥሩን በቀን የመጻፍ ልማድ አላቸው፤ ዓመቱን፣ ወሩን፣ ዕለቱን፣ በመጨረሻም በዚያ ዕለት ስንተኛ ለውጥ እንደሆነ። ይህን ሳነብ ደስ ብሎኝ ነበር። እኛም በጎተራው ለእያንዳንዱ ጭነት የምንቆርጠው ካርኒ ላይ የምንጽፈው ልክ እንዲሁ ነበር።

ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ኮምፒውተሬን ከፍቼ የከተማችንን ስም የደብዳቤ መስመር ጠየቅኩ። መልሱ ትክክል ነበር። ደብዳቤው የሚሄደው ለዓመታት ሲሄድ ወደኖረበት፣ ዶሪን ወደምታነብበት ቦታ ነው። ብሬንት እውነቱን ነበር ማለት ነው። እጄን ከቁልፎቹ ላይ አንስቼ ትንሽ ተቀመጥኩ።

ከዚያ መጽሐፉ ደጋግሞ የሚያስጠነቅቀውን አሰብኩ። የተራ ጥያቄ መልስ ብዙ አፍ አልፎ ይመጣል፤ ቁርጡን የፈለገ ሰው ጠባቂዎቹን ራሳቸውን በየተራ ይጠይቅ ይላል። አንደኛውን ጠየቅኩት፤ ትክክለኛውን ቦታ ነገረኝ። ሁለተኛውን ጠየቅኩት፤ ደብዳቤው ወደ ብሬንት የገዛ ኮምፒውተር፣ የደንበኞቹን ገጾች ወደሚያኖርበት ይሄዳል አለኝ።

አንድ መዝገብ፣ ሁለት መልስ። የሁለቱንም ራስ ቁጥር አወጣሁ። በሁለቱም ላይ የሚነበበው 2009021101 ነበር።

ለረጅም ጊዜ አየሁት። በፌብሩዋሪ 11 መዝገቡ ተነክቷል፤ የጤና ቢሮው የመጀመሪያ ደብዳቤ የተላከው በማግስቱ ነው። ያን ቀን የደብዳቤው መስመር ተሳስቶ ተጻፈ፤ ስሕተቱም በሁለቱም ጠባቂዎች ላይ ገባ። በኋላ አንድ ሰው አንደኛው ላይ ስሕተቱን አረመ፤ ሲጣደፍ ግን ቁጥሩን ከፍ ማድረግ ረሳ። ስለዚህ ሁለተኛው በየሰዓቱ ብቅ እያለ ያንኑ ቁጥር ያያል፤ ምንም አልተለወጠም ብሎም ከነስሕተቱ ይመለሳል። ደብዳቤዎቹም ተመልሰው ያልመጡት የተቀበላቸው ስላለ ነው። ማንም በማይከፍተው ሳጥን ውስጥ ተቀምጠዋል።

ደሜ የፈላው ስሕተቱን ባየሁ ጊዜ አልነበረም። ስሕተት ማንም ይሠራል፤ እኔም አንድ ዓመት ገብስ ከስንዴ ቀላቅዬ ሰው አስለቅሻለሁ። ደሜ የፈላው መታረሙን ባየሁ ጊዜ ነው። ያረመው ሰው ያውቅ ነበር።

ሁለቱንም መልስ አተምኩና በማግስቱ ረቡዕ ጠዋት መኪናዬን አስነስቼ ወደ ብሬንት ቢሮ ሄድኩ። ሰውን ሳያነጋግሩ በጉባኤ መክሰስ ነውር ነው ብዬ ነው።

«ኦ፣ ፕሮፌሰሩ መጡ» አለኝ፤ ወንበርም ሳበልኝ። «ምን ልታዘዝ? አታሚው ወረቀት ጎረሰብዎት?»

ወረቀቶቹን ጠረጴዛው ላይ ጎን ለጎን ዘረጋሁለት። አነበባቸው። ፈገግታው ቀስ ብሎ ከፊቱ ሲወርድ አየሁ።

«መቼ ነው ያረምከው?» አልኩት።

ወረቀቶቹን ወደ እኔ መልሶ ገፋቸው።

«ብሬንት፣ መቼ ነው?»

«ሰኞ» አለ በመጨረሻ። «አጎቴ ደውሎ ሲነግረኝ ከፍቼ አየሁት። ሁሉንም ደንበኞች ወደ አዲስ መሣሪያ ሳዛውር አንድ መስመር ነው የተሳሳተው። አንድ መስመር፣ አቶ ሶልበርግ።»

«ሰኞ ስንት ሰዓት?»

«ወደ ስድስት ሰዓት ግድም።»

«ስብሰባው ዘጠኝ ሰዓት ነበር።»

ከዚያ ወደ እኔ ጠጋ ብሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ይስሙኝ። የአሥራ አንድ ከተማ ሥራ እኔ ጋ ነው። ይሄ ከተሰማ አንዳቸውም አይቆዩም። እሷ ደግሞ እንደሆነ ጡረታ ለመውጣት ሁለት ዓመት ነው የቀራት። ቀድማ ብታርፍ ምን ትሆናለች? ኬክ ይቆረጥላታል፣ ሰዓት ይሰጣታል።»

ሰው ስቆጣ ድምፄ ከፍ አይልም፤ ሟች ባለቤቴ ይህን ትጠላው ነበር። «ማክሰኞ በአራት ሰዓት ራስህ ተነስተህ ትናገራለህ» አልኩት። «ካልተናገርክ እኔ እናገራለሁ።» ወረቀቶቼን ሰብስቤ ወጣሁ።

ወደ ኦስትሊ ተመልሼ በቀጥታ ዶሪን ጋ ገባሁ። መጀመሪያ ስለ ትናንቱ ጥያቄዬ ይቅርታ ጠየቅኳት። ቀጥዬ ሁሉንም ነገርኳት። እስክጨርስ አዳመጠችኝና መነጽሯን አወለቀች።

«እና ይሄን ሁሉ ካገኘህ በኋላ፣ መጀመሪያ ሄደህ የነገርከው ለእሱ ነው?»

«ራሱ እንዲናገር ዕድል መስጠት...»

«ጎበዝ። አሁን ምን እያደረገ ያለ ይመስልሃል? ጸሎት?»

ወዲያው የእርሷን ኮምፒውተር ከፍቼ ጠባቂዎቹን ጠየቅኩ። አንደኛው ትክክል። ሁለተኛውም ትክክል። አንድ ሰዓት አልሞላም፤ እኔ ከመኪናዬ መስታወት ላይ በረዶ እየጠረግሁ ስመጣ እርሱ ዱካውን ጠርጓል። በእጄ የቀረው ማንም ሰው ቤቱ ተቀምጦ ሊጽፈው የሚችለው ሁለት ወረቀት ነው። ጠረጴዛዋን በቡጢ መታሁት። ሰባ አንድ ዓመት ሙሉ የሰው ጠረጴዛ መትቼ አላውቅም ነበር።

«ቀስ» አለች ዶሪን። «ጠረጴዛው የምክር ቤቱ ነው። እሱንም በኔ ያሳብቡታል።»

በዚያ ንዴት ውስጥ ሆኜ ዓይኔ በመዝገቡ ራስ ላይ ወደቀ። ወረቀት አምጪ ብቻ አልኳት፤ ቁጥሩን ጻፍኩና አሳየኋት። ምን ማለት እንደሆነ ስነግራት መነጽሯን መልሳ አደረገች። «ለማንም እንዳትነግር» አለችኝ። «ለማንም፣ አርቪድ። ለቄሱም።»

ማርች 10 ማክሰኞ አምስቱ የምክር ቤት አባላት ተሰበሰቡ። የሎርን ሚስት እንደ ወትሮው ቅቤ የበዛበት ጣፋጭ በሳህን ልካለች፤ የቡናው ማሰሮ ጥግ ላይ ይንፈቀፈቃል። ቃለ ጉባኤ የሚይዝ ሌላ ሰው ስለሌለ የራሷን መባረር የምትጽፈው ዶሪን ነበረች። ከሁሉም በላይ ያንገበገበኝ ይህ ነው። ከመካከላቸው አንድም ሰው እንኳ «ዛሬስ እኔ ልጻፍ» አላለም።

ብሬንት ከአጎቱ ጎን ተቀምጧል። አየሁት፤ አየኝ። አልተነሳም።

«አርቪድ ጥቂት ልናገር ብሏል» አለ ሎርን። «ሦስት ደቂቃ፣ አርቪድ። እንደ ስብከት እንዳታደርገው።»

ተነስቼ ወረቀቶቹን አሳየሁና ያገኘሁትን ተናገርኩ። ብሬንት ታግሶ አዳመጠኝ። ስጨርስ በአክብሮት ራሱን ነቀነቀ።

«አቶ ሶልበርግን ከልጅነቴ ጀምሮ አከብራቸዋለሁ» አለ። «ጓደኛቸውን ለመርዳት ነው፤ ይገባኛል። ግን ይሄ ወረቀት ማንም ቤት ይታተማል። ምን አዩ፣ እንዴት አዩ፣ አላውቅም። እኔ ገጹን ኖቬምበር ላይ ካወጣሁ ወዲህ መዝገቡን በእጄ አልነካሁም።»

«ዶሪን፣ ይህን ጽፈሽዋል?» አልኳት።

«'በእጄ አልነካሁም'» ስትል አነበበች።

«ሎርን፣ እኔን አትመን» አልኩት። «ወረቀቶቼንም ተዋቸው። ተነስተህ በዶሪን ኮምፒውተር ራስህ ጠይቅ። የምትጽፈውን ብቻ እነግርሃለሁ።»

«እኔ? እኔ እኮ የአየር ጠባይ ለማየት እንኳ ሚስቴን ነው የምጠራው።»

«ስለዚህ ነው አንተ እንድትጽፈው የፈለግሁት።»

ሎርን እየተነጫነጨ ተቀመጠ፤ ፊደል በፊደል ነገርኩት፤ በሁለት ጣት ጻፈ። ብሬንት ወደ ስክሪኑ አንገቱን አሰገገ፤ ምን እንደምጠይቅ የገባው ያን ጊዜ ይመስለኛል።

«ረጅሙን ቁጥር ጮክ ብለህ አንብበው።»

«ሁለት፣ ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዘጠኝ» አለ ሎርን። «ዜሮ ሦስት። ዜሮ አራት። ዜሮ አንድ። ምንድነው፣ ስልክ ቁጥር ነው?»

«ቀን ነው። ባለሙያው መዝገቡን በነካ ቁጥር በእጁ የሚጽፈው ቀን። የመጨረሻዎቹ ሁለት የዚያ ዕለት የመጀመሪያ ለውጥ መሆኑን ይናገራሉ። ሳይጽፈው ቢቀር ሁለተኛው ጠባቂ እርማቱን አይገለብጥም።»

የምክር ቤቱ አባል ኢርማ ቶፍት በጣቷ ቆጠረች። «ማርች አራት» አለች። «ባለፈው ረቡዕ ነው። የልጅ ልጄ ልደት ነበር።»

«እኔ ቢሮው ሄጄ ያነጋገርኩት በዚያ ረቡዕ ጠዋት ነው» አልኩ። «መዝገቡ ላይ መጻፍ የሚችል ከእርሱ ሌላ ሰው ካለ ይነገረን።»

ብሬንት ከወንበሩ ተነሳ። ፊቱ እስከ ጆሮው ቀልቷል። «አንተ ሽማግሌ፣ እህልህን ትመዝን የለም እንዴ? በማታውቀው ነገር ምን አገባህ?» «እርስዎ» ማለቱ በዚያች ሰዓት አበቃ።

«ተቀመጥ» አለው ሎርን። እህቱ ስታሳድገው ስንት ጊዜ ተቀመጥ እንዳለው አላውቅም፤ ይህኛውን ግን ልጁ ሰማው። «ደብዳቤዎቹ የገቡበት ሳጥን አለ ይላል አርቪድ። አለ?»

ብሬንት የኮቱን ቁልፎች መቆለፍ ጀመረ።

«ብሬንት፣ ጠየቅኩህ።»

«አለ።»

«ክፈተው።»

ከፈተው። ከፌብሩዋሪ 11 ጀምሮ ሠላሳ ስምንት ያልተነበቡ ደብዳቤዎች ነበሩ። ሎርን የጤና ቢሮውን ሦስቱንም እዚያው ቆሞ አነበበ፤ ሦስተኛው «የመጨረሻ ማሳሰቢያ» ይላል። አሽከርካሪ መሆን የሚችሉት ስድስት ሰዎች እኮ፣ ሎርን ራሱ ጭምር፣ በዚያ ሳምንት ከዚህ ቤት አጥር ማዶ በረዶ ላይ ድንጋይ ሲገፉ ነበር።

ሎርን ጉሮሮውን ጠራረገ። «እንግዲህ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ነገሩ ተገኘ። የመባረሩ ሐሳብ ተነስቷል። ዶሪን፣ 'ጉዳዩ ተዘግቷል' ብለሽ ጻፊ። ቡና እንጠጣ።»

እጆች ወደ ጣፋጩ ሳህን ተዘረጉ። ይቅርታ የጠየቃት ሰው አልነበረም። እንደገና ልነሳ ስል ዶሪን በእጇ ከለከለችኝ።

«አልጽፍም» አለች።

«ምኑን?»

«'ተዘግቷል' የሚለውን። ባለፈው ሰኞ ምን ብዬ እንደጻፍኩ ታስታውሳላችሁ? ጻፊ ብላችሁኝ ነው የጻፍኩት፤ 'ጸሐፊዋ በቸልተኝነት' ብዬ። በገዛ እጄ። ያ ወረቀት ዶሴ ውስጥ ነው። እኔ ስሞትም እዚያው ነው።»

«ምን ይጻፍ ታዲያ?» አለ ሎርን።

ጽፋ ጨርሳ ኖሯል። ብድግ ብላ አነበበች። «ምክር ቤቱ ማርች 2 ቀን ጉዳዩን ሳይመረምር ጸሐፊዋን ወነጀለ። ደብዳቤዎቹ ያልደረሱት አቶ ብሬንት ኪልጎር መዝገቡን አሳስቶ ስለጻፈ ነው። አቶ ኪልጎር ይህን ከስብሰባው ሦስት ሰዓት በፊት ያውቅ ነበር። ምክር ቤቱ የተናገረውን ያነሳል፤ ይቅርታም ይጠይቃል።» ወረቀቱን ሎርን ፊት አኖረች። «እዚህ ጋ ፈርም።»

«ዶሪን፣ የእህቴ ልጅ እኮ ነው። ስሙን...»

«እኔም የሰው ልጅ ነኝ። ስሜን ጽፋችኋል።»

ሎርን ወደ ብሬንት አየ፤ ወደ ሳህኑ አየ። ኢርማ እስክሪብቶዋን አንከባለለችለት። ፈረመ። ቀጥሎም ሌሎቹ አራቱ አንድ በአንድ ፈረሙ። ዶሪን ቀኑን ከግርጌ ጻፈች፤ ዶሴው ውስጥ ከተተችው፤ ከዚያ ካርቶኑን ከፍታ ወረቀት መብሻውን ከጋዜጣው ፈትታ ወደ ቦታው መለሰች። ሁለት ዓመት ሠርታ በጊዜዋ ጡረታ ወጣች። ሰዓት ሊሰጧት ፈልገው ነበር፤ አለኝ ብላ መለሰችው።

አምቡላንሱ የተመለሰልን በኦክቶበር ነው። እስከዚያ ሰባት ወር ሙሉ ሰው ሲታመም ስድሳ ኪሎ ሜትር ርቆ ያለውን አምቡላንስ ስንጠብቅ ከረምን። ብሬንት ዛሬም የሰባት ከተማ ገጽ ይይዛል፤ መንገድ ላይ ስንገናኝ እንዳልፍ መኪናውን ያቆምልኛል እንጂ ሰላም አይለኝም። እኔም አልልም። ንዴቱ ይበርዳል ያሉኝ ነበሩ፤ አልበረደም፤ እንዲበርድም አልፈለግሁም።

አሁን ሰማንያ ሦስት ዓመቴ ነው። ቁጥሮቹን ያተምኳቸው ወረቀቶች በእጄ አሉ፤ ዶሪን የጻፈችውም በዶሴው ውስጥ ነው። በክፍሉ ውስጥ የተባለውን ግን ከትዝታዬ ነው የጻፍኩት፤ የአንዱን ቃል በሌላው አፍ አኑሬ፣ ወይም የማን እጅ መጀመሪያ ወደ ሳህኑ እንደተዘረጋ ረስቼ ይሆናል። በዚያ ማክሰኞ እዚያ የነበረ ሰው ይህን ቢያነብና የተሳሳትኩትን ቢያገኝ፣ እባክህ ጻፍልኝ፤ አርማለሁ፤ ያረምኩበትንም ቀን በጽሑፉ ራስ ላይ እጽፋለሁ።